የቀረው ሰው ወደ ችሎት እንዲመጣ፦ በህንድ የወንጀል ክርክር መካከል ተጨማሪ ተከሳሽ የሚጠራው እንዴት ነው?

ሦስት ሰዎች አንድን ሰው ደበደቡ እንበል። ፖሊስ ይመረምርና ሁለቱን ብቻ ያስከስሳል። ሦስተኛው ባለገንዘብ ነው፤ ወይም ትልቅ ዘመድ አለው፤ ወይም «በዚያ ቀን ሌላ ከተማ ነበርኩ» ብሎ ፖሊሶቹን አሳምኗል። ክርክሩ ይጀመራል። ተበዳዩ ለምስክርነት ይቀርብና «ብረት ይዞ የመታኝ ሦስተኛው ነው» ይላል። ተከሳሽ ሆነው የቆሙት ግን ሁለት ናቸው። ዳኛው አሁን ምን ያድርግ?

የህንድ ሕግ ለዚህ ቀጥተኛ መልስ አለው። ፍርድ ቤቱ ራሱ ሦስተኛውን ሰው ጠርቶ ተከሳሽ ሊያደርገው ይችላል። ፖሊስ ስለተወው ብቻ ሰውየው አያመልጥም። ይህ ሥልጣን በ1973ቱ የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 319 ላይ ተጽፎ ነበር። አሁን ባራቲያ ናጋሪክ ሱራክሻ ሳንሂታ በተባለው አዲሱ ሕግ አንቀጽ 358 ላይ ይገኛል።

ይህን የምጽፈው በመጀመሪያ ህንድ ውስጥ ለሚማሩና ለሚሠሩ ወገኖቻችን ነው። እዚያ የወንጀል ጉዳት የደረሰበት ሰው ጠበቃው ምን እያደረገለት እንደሆነ ማወቅ አለበት። የሕግ ተማሪዎቻችንም ይጠቀሙበታል ብዬ አስባለሁ። የእኛው የ1954 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ብዙ ነገሩን ያገኘው ከእንግሊዝና ከህንድ የሕግ ቤተሰብ ነውና፣ ዝምድናው ሩቅ አይደለም።

ግን ይህን መመሪያ ይዞ ልደታ መሄድ አያስኬድም። በ1954ቱ ሕግ ክስ የሚያቀርበው ዐቃቤ ሕግ ነው፤ እንደ 319 ያለ አንቀጽም የለውም። የቀረ ሰው ካለ የሚኬደው ወደ ዐቃቤ ሕግ ነው። በቁጥር 38 መሠረት ተጨማሪ ምርመራ እንዲያዝ ይጠየቃል። «ማስረጃ አይበቃም» ብሎ ክስ አላቀርብም ካለ ደግሞ ከቁጥር 42 ጀምሮ የተዘረዘረው የአቤቱታ መንገድ አለ። ከዚህ በታች ያለው ሁሉ የህንድ ነው፤ ዓመቶቹም በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

አንደኛ፦ መዝገቡ በየትኛው ሕግ እንደሚመራ አጣሩ

አዲሱ ሕግ ሥራ ላይ የዋለው ሐምሌ (ጁላይ) 1 ቀን 2024 ነው። ከዚያ ቀን በፊት ክርክሩ ተጀምሮ የነበረ መዝገብ በአሮጌው ሕግ ይቀጥላል። ስለዚህ ማመልከቻው ላይ 319 ወይስ 358 ይጻፍ የሚለው ከቀኑ ጋር ይያያዛል። በይዘት ሁለቱ አንድ ናቸው። በ319 ላይ የተሰጡት የጠቅላይ ፍርድ ቤት ትርጉሞች ለ358ም ያገለግላሉ።

ሁለተኛ፦ ሰዓቱን ጠብቁ

ብዙ መዝገብ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። ስለዚህ ትንሽ ልቆይበት።

ሥልጣኑ የሚሠራው ጉዳዩ በፍርድ ቤት እየተጣራ ወይም እየተሰማ ባለበት ጊዜ ነው። በተግባር ምስክር መሰማት ሲጀምር ማለት ነው። የመጨረሻው መስመር የት ነው የሚለው ለብዙ ዓመታት ሲያከራክር ቆይቶ ነበር። በታኅሣሥ (ዲሴምበር) 2022 የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ አምስት ዳኞች የተቀመጡበት ሕገ መንግሥታዊ ችሎት በሱክፓል ሲንግ ኻይራ መዝገብ መልስ ሰጠ። ተከሳሾቹ ጥፋተኛ የሚባሉ ከሆነ፣ ተጨማሪ ተከሳሽ የመጥራት ትእዛዝ መውጣት ያለበት ቅጣቱ ከመነገሩ በፊት ነው። ነጻ የሚወጡ ከሆነ ደግሞ የነጻ መባሉ ውሳኔ ከመነገሩ በፊት። ቅጣት ተነግሮ ካበቃ በኋላ ዳኛው በዚያ መዝገብ ላይ ሥራውን ጨርሷል። በዚያው ዕለት ከሰዓት በኋላ እንኳ ቢሆን አይችልም።

የኻይራ ጉዳይ ራሱ ይህን ያሳያል። ሰውየው የፑንጃብ ፖለቲከኛ ነው፤ ጉዳዩ የአደንዛዥ ዕፅ ክስ ነበር። ሌሎቹ ተከሳሾች በተቀጡበት ቀን እሱም እንዲጠራ ታዘዘ። ክርክሩ ለዓመታት ጠቅላይ ፍርድ ቤት ድረስ ሄደና በመጨረሻ በ2023 የመጥሪያው ትእዛዝ ተሻረ። ሰውየው ወንጀሉን ሠርቷል አልሠራም የሚለው ሳይነሳ ነው ያበቃው።

እንግዲህ ምክሬ ይህ ነው። ምስክሩ የቀረውን ሰው ስም በችሎት በጠራበት ሳምንት ማመልከቻው ይግባ። «ሁሉም ምስክሮች ይሰሙና እናያለን» የሚል ጠበቃ ካጋጠማችሁ ምክንያቱን ጠይቁት። ጥሩ ምክንያት ሊኖረው ይችላል፤ ለምሳሌ ሁለተኛው ምስክር ነገሩን የበለጠ የሚያጠናክር ከሆነ። ዝም ብሎ ማቆየት ግን አደጋ አለው።

መዝገቡ ለፍርድ ተቀጥሮ ከሆነስ? ገና ፍርድ አልተነገረም፤ ስለዚህ በር አልተዘጋም። ዳኛው መዝገቡን መልሶ ለመስማት ይከፍትና መጀመሪያ የመጥራቱን ጥያቄ ይወስናል።

አንድ ሌላ መውጫም አለ። ከተከሳሾቹ አንዱ ጠፍቶ ጉዳዩ ተነጥሎ ከሆነ፣ የእሱ መዝገብ ገና ክፍት ነው። በዚያ በተነጠለው መዝገብ አዲስ ማስረጃ ከተሰማ፣ በዚያ ማስረጃ ላይ ብቻ ተመሥርቶ የቀረውን ሰው መጥራት ይቻላል። ባለቀው ዋና መዝገብ የተሰማውን ቃል ግን ወስዶ መጠቀም አይቻልም።

ሦስተኛ፦ የምታስጠሩት ሰው የትኛው ዓይነት ነው?

ሕጉ «ተከሳሽ ያልሆነ ማንኛውም ሰው» ይላል። በመጀመሪያው የፖሊስ ጥቆማ መዝገብ (ኤፍ አይ አር) ላይ ስሙ ኖሮ በክስ ማጠቃለያው የተተወ ሰው ይገባበታል። ስሙ ከነጭራሹ ተነስቶ የማያውቅም ይገባበታል። ሁለት ሰዎች ግን ለየት ይላሉ።

መጀመሪያ ተከስሶ ዳኛው ያሰናበተው ሰው ካለ በቀጥታ መጥራት አይቻልም። ሕጉ ለእንዲህ ያለው ሰው ያስቀመጠው የተለየ የማጣራት ሥርዓት ስላለ መጀመሪያ እሱ መሟላት አለበት። ሁለተኛው የመንግሥት ሠራተኛ ነው። ድርጊቱ ከሥራው ጋር የተያያዘ ከሆነ ወይም የሙስና ክስ ከሆነ፣ እሱን ለመክሰስ ከሚመለከተው አካል ፈቃድ ያስፈልጋል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2005 በዲላዋር ሲንግ፣ በ2016 ደግሞ በሱሪንደርጂት ሲንግ ማንድ መዝገብ ይህ ፈቃድ በክርክር መካከል ለሚጠራ ሰውም እንደሚያስፈልግ ወስኗል። ፖሊስ ወይም ባለሥልጣን ለማስጠራት ያሰበ ሰው ፈቃዱን ሳይዝ ቢያመለክት ጊዜውን ያባክናል።

ምስክር ሳይሰማ ገና በጠዋቱ ሰውየውን ማስገባት የሚቻልበት ሌላ መንገድም እንዳለ እወቁ። ከባድ ጉዳዮች ከማጅስትሬት (ከታችኛው ፍርድ ቤት ዳኛ) ከባድ ወንጀሎችን ወደሚያየው ሴሽንስ ፍርድ ቤት ይላካሉ። በ2013 በዳራም ፓል መዝገብ ሕገ መንግሥታዊ ችሎቱ እንዳለው፣ ሴሽንስ ፍርድ ቤቱ መዝገቡ እንደደረሰው ፖሊስ «አይከሰሱም» ብሎ ስማቸውን ለብቻ ያስቀመጣቸውን ሰዎች ከሰነዱ ብቻ ተነስቶ ሊጠራ ይችላል። ይህ ከ319 የተለየ ሥልጣን ነው። ጠበቃችሁን ቀድማችሁ ጠይቁት።

አራተኛ፦ ማስረጃው ይበቃል?

በጥር (ጃንዋሪ) 10 ቀን 2014 በሃርዲፕ ሲንግ መዝገብ አምስት ዳኞች የሰጡት ውሳኔ የዚህ ሁሉ ምሰሶ ነው። የሕግ ተማሪ ከሆናችሁ ሙሉውን አንብቡት። ለእኛ የሚያስፈልጉት ነጥቦች እነሆ።

ማስረጃ ማለት በፍርድ ቤት የተሰማ ነው። ምስክሩ ለፖሊስ የሰጠው ቃል፣ የምርመራ ሰነዱ፣ ኤፍ አይ አሩ ለብቻቸው አይበቁም። የተሰማውን ለማጠናከር ግን ያግዛሉ።

ምስክሩ በዋና ጥያቄ የተናገረው ይበቃል፤ መስቀለኛ ጥያቄው እስኪያልቅ መጠበቅ ግዴታ አይደለም። ይህ ለተበዳይ ትልቅ ነገር ነው። በዋና ጥያቄና በመስቀለኛ ጥያቄ መካከል ወራት የሚያልፉባቸው ፍርድ ቤቶች አሉ። በዚያ መሃል ምስክር ይፈራል፣ ይገዛል፣ ይለወጣል።

የማስረጃው ክብደት ግን ከፍ ያለ ነው። አንድን ሰው መጀመሪያ ላይ ለመክሰስ «በመጀመሪያ እይታ ጥፋት አለ» የሚባል ነገር ይበቃል። በመሃል ለመጥራት ከዚያ ይበልጣል። «ማስተባበያ ካልቀረበበት ወደ ጥፋተኝነት ይወስዳል» እስከሚባልበት እርግጠኝነት ድረስ መሄድ ባያስፈልግም፣ ማስረጃው ጠንካራና አሳማኝ መሆን አለበት። ምክንያቱ ግልጽ ነው። ሰውን ከቤቱ አንስቶ ተከሳሽ ማድረግ ቀላል ነገር አይደለም። ውሳኔው ራሱ ሥልጣኑን ልዩ ይለዋል፤ በቁጥብነት ሥራ ላይ ይዋል ይላል።

እዚህ ላይ ስለ አንድ ልማድ መናገር አለብኝ። በቤተሰብ ጠብና በጥሎሽ ክሶች የባልን እናት፣ አባት፣ እህት፣ ሩቅ ከተማ የምትኖረውን የአጎት ልጅ ሳይቀር ዘርዝሮ ማስከሰስ በህንድ የታወቀ ችግር ነው። ፖሊስ የተዋቸውን በክርክር መካከል መልሶ ለማስገባት ይህ አንቀጽ መሣሪያ ሆኖ ያገለግላል። እውነት የበደሉ ካሉ ይጠሩ። በቂም ስም መጨመር ግን ንጹሕ ሰው ላይ ዓመታት የሚፈጅ ስቃይ ይጭናል፤ እውነተኛውን ክስም ያደክመዋል። ዳኛው አምስት የማይመለከታቸው ሰዎች ስም ሲያይ ስድስተኛውንም ይጠራጠራል።

ፖሊስ ሰውየውን የተወው በምክንያት ከሆነ ያን ምክንያት ሳይነኩ ማለፍ አይቻልም። በ2017 በብሪጄንድራ ሲንግ መዝገብ የሆነው ይህ ነው። ፖሊስ መርምሮ ተጠርጣሪዎቹ በቦታው እንዳልነበሩ የሚያሳይ ማስረጃ ሰብስቦ ነበር። ምስክሮቹ በችሎት የተናገሩት ለፖሊስ የተናገሩትኑ ነበር፤ አዲስ ነገር አልነበረውም። የሥር ፍርድ ቤቱ ያን የምርመራ ውጤት ሳያይ መጥራቱን ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ አልተቀበለውም። ስለዚህ ራሳችሁን ጠይቁ፦ በችሎት የተነገረው ከበፊቱ በምን ይበልጣል?

አምስተኛ፦ ማመልከቻውን ጻፉ

ዳኛው ማንም ሳይጠይቀው በራሱ መጥራት ይችላል። በተግባር ግን ማመልከቻ ካልገባ ነገሩ ሳይታይ ያልፋል። አመልካቹ አብዛኛውን ጊዜ ዐቃቤ ሕግ ነው። ተበዳይ የራሱን ጠበቃ ማቆም ይችላል፤ ጠበቃው ግን ዐቃቤ ሕጉን እየረዳ በእሱ አመራር ነው የሚሠራው። ከዐቃቤ ሕጉ ጋር ተኳርፎ መሥራት እዚህ አያዋጣም። ሂዱና አነጋግሩት፤ የምስክሩን ቃል አሳዩት።

ገንዘብ የሌለው ሰው በ1987ቱ የሕግ ድጋፍ አገልግሎት ሕግ መሠረት ነጻ ጠበቃ ሊያገኝ ይችላል። ሴቶችና በእስር ላይ ያሉ ሰዎች የገቢ መጠን ሳይጠየቁ ይገባቸዋል። የብሔራዊ የሕግ ድጋፍ ባለሥልጣኑ የስልክ መስመር 15100 ነው።

ከመጻፋችሁ በፊት የምስክሩን ቃል የተረጋገጠ ግልባጭ ከመዝገብ ቤት አውጡ። በማስታወሻ የያዛችሁት አይበቃም። ማመልከቻው ረጅም መሆን የለበትም። በእንግሊዝኛ ወይም በፍርድ ቤቱ ቋንቋ ነው የሚገባው፤ አጽሙ ግን እንዲህ ነው።

«ለ… ሴሽንስ ፍርድ ቤት። የመዝገብ ቁጥር …። ጉዳዩ፦ … የተባለው ሰው በአንቀጽ 358 መሠረት ተጨማሪ ተከሳሽ ሆኖ እንዲጠራ ስለመጠየቅ።

የዐቃቤ ሕግ 1ኛ ምስክር በ… ቀን በዋና ጥያቄ ላይ … የተባለው ሰው በ… ሰዓት በ… ቦታ ተገኝቶ በብረት ጭንቅላቱን እንደመታው ተናግሯል (የቃሉ ገጽ …)። በተመሳሳይ ቀን የቀረበው የሐኪም ማስረጃ ጉዳቱ በጠንካራ ነገር የደረሰ መሆኑን ያረጋግጣል።

ፖሊስ ይህን ሰው ያላስከሰሰው በዚያ ሰዓት ሌላ ከተማ ነበር በማለት ነው። ለዚህ የቀረበው የጓደኛው ቃል ብቻ ነው፤ ሌላ የሚደግፈው ሰነድ የለም።

ድርጊቱ አሁን ካሉት ተከሳሾች ጋር በአንድ ጊዜና በአንድ ቦታ የተፈጸመ ስለሆነ አብሮ ሊታይ የሚችል ነው። ክርክሩ አላበቃም፤ ፍርድም አልተነገረም። ስለዚህ ፍርድ ቤቱ መጥሪያ እንዲያወጣ እንጠይቃለን።»

ሰውየው ምን እንዳደረገ በዝርዝር መጻፉን ልብ በሉ። «እሱም ነበረበት» የሚል ዓረፍተ ነገር ብቻውን አያስጠራም። ከአንድ በላይ ሰው የምታስጠሩ ከሆነ የእያንዳንዱን ድርጊት ለየብቻ ጻፉ።

ስድስተኛ፦ ማመልከቻው ከገባ በኋላ

በ2022ቱ ውሳኔ መሠረት ዳኛው ዋናውን ክርክር በያዘበት ቦታ ያቆማል። መጀመሪያ ሰውየው ይጠራ ወይስ አይጠራ የሚለውን ይወስናል። ይህ ሳይወሰን ሌላ ምስክር ሊሰማ ከሆነ ጠበቃችሁ ተነስቶ ማሳሰብ አለበት።

የሚጠራው ሰው ከመጠራቱ በፊት ሐሳቡን የመስጠት መብት አለው? በ2023 በያሾዳን ሲንግ መዝገብ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ይህ አያስፈልግም ብሏል። ሰውየው ቀርቦ ራሱን የሚከላከልበት ሙሉ ክርክር ከፊቱ አለና።

ትእዛዙ ምክንያት ሊኖረው ይገባል። የትኛው ምስክር፣ ምን አለ፣ ለምን ይበቃል የሚለው ካልተጻፈ በበላይ ፍርድ ቤት በቀላሉ ይፈርሳል። እዚያው ላይ ዳኛው ሁለተኛ ነገር ይወስናል፦ አዲሱ ሰው ከነባሮቹ ጋር አብሮ ይታይ ወይስ ለብቻው? አብሮ ከሆነ ክርክሩ ሰውየው ከቀረበ በኋላ እንደ አዲስ ይጀመራል። ለብቻው ከሆነ የነባሮቹ መዝገብ ቀጥሎ ፍርድ ሊያገኝ ይችላል።

አብሮ ይሁን ወይስ ለብቻ የሚለው ላይ ተበዳዮች ቆም ብላችሁ አስቡ። አብሮ ሲሆን ምስክሮቻችሁ አንድ ጊዜ ብቻ ደግመው ይመጣሉ፤ ነባሮቹ ተከሳሾች ግን ፍርድ እስኪያገኙ ይዘገያል። ለብቻ ሲሆን የነባሮቹ ፍርድ አይዘገይም። ምስክሮቹ ግን በሌላ መዝገብ ሁለተኛ ዙር ይጠብቃቸዋል። ምስክራችሁ አዛውንት ወይም ሕመምተኛ ከሆነ ይህን ለዐቃቤ ሕጉ ቀድማችሁ ንገሩት።

በሁለቱም መንገድ የማይቀር ነገር አለ። ለአዲሱ ተከሳሽ ሁሉም ነገር ከመጀመሪያው ይጀመራል፣ ምስክሮችም እንደገና ይሰማሉ። እሱ በሌለበት በተሰማ ቃል ሊፈረድበት አይችልም። ስለዚህ ምስክሮቻችሁን «ጨረሳችሁ» ብላችሁ አታሰናብቱ። አድራሻቸውንና ስልካቸውን ያዙ።

የተጠራችሁት እናንተ ከሆናችሁስ?

መጥሪያ ደርሷችሁ ቤት ብትቀሩ ነገሩ ወደ መያዣ ትእዛዝ ይሄዳል። በ2013 በቪካስ መዝገብ እንደተባለው ፍርድ ቤት መጀመሪያ መጥሪያ ማውጣት እንጂ ዋስትና የሌለው መያዣ ለማውጣት መቸኮል የለበትም። ይህ ጥበቃ ግን ለሚቀርብ ሰው ነው። ወንጀሉ ዋስትና በቀጥታ የማይገኝበት ዓይነት ከሆነ ከቀጠሮው በፊት ጠበቃ ይዛችሁ የቅድመ እስር ዋስትና ጠይቁ። የውጭ ዜጋ ከሆናችሁ የፓስፖርትና የመኖሪያ ፈቃድ ቅጂ፣ የዩኒቨርሲቲ ወይም የአሠሪ ደብዳቤ አዘጋጁ፤ ዳኛው «አገር ጥሎ ይሄዳል» የሚለውን ሥጋት ያነሳልና።

«ከክሱ አሰናብቱኝ» የሚል ማመልከቻ ለዚያው ዳኛ ማስገባት አይሠራም። በ2015 በጆጌንድራ ያዳቭ መዝገብ ተወስኗል። ዳኛው የጠራችሁ ለመክሰስ ከሚበቃው ከፍ ባለ መለኪያ መዝኖ ስለሆነ፣ ዝቅ ባለ መለኪያ ተመልሶ አይመዝንም። መንገዱ የመጥሪያውን ትእዛዝ ራሱን በሪቪዥን (ትእዛዙ ሕጋዊ መሆኑ እንዲመረመር በሚቀርብ አቤቱታ) ወደ በላይ ፍርድ ቤት መውሰድ ነው። ለሪቪዥን ያለው ጊዜ ትእዛዙ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ 90 ቀን ነው። የትእዛዙን ግልባጭ በዚያው ሳምንት ጠይቁ። በአቤቱታው ላይ ሦስት ነገር ፈትሹ፦ ትእዛዙ የወጣው ቅጣት ወይም ነጻ መባል ከመነገሩ በፊት ነው? ምስክሩ እናንተ ያደረጋችሁትን ለይቶ ተናግሯል? ፖሊስ እናንተን የተወበት ማስረጃ ታይቷል?

ማመልከቻው ውድቅ የተደረገበት ተበዳይም በዚሁ የሪቪዥን መንገድና በዚሁ 90 ቀን ውስጥ መሄድ ይችላል። ነገር ግን ዋናው ክርክር እየሄደ ስለሆነ 90ውን ቀን ሙሉ አትጠቀሙበት። የበላይ ፍርድ ቤቱ የሥር ክርክሩን እንዲያግድ አብራችሁ ጠይቁ፤ አለዚያ አቤቱታው ሳይሰማ ቅጣቱ ሊነገር ይችላል።